ሳንዲፈር ሲንድረም ምንድን ነው?

ሕፃኑ ጠብቶ ጨረሰ። ትንሽ ቆየና አንገቱን ወደ አንድ ጎን ጠመዘዘ፣ ጀርባውን ወደ ኋላ ለጠጠ፣ እጁን ገተረ፣ ከዚያ ጩኸት። ሁለት ደቂቃ ሳይሞላ ለቀቀው። ድሬዳዋ ውስጥ ሳቢያንም ይሁን መጋላ፣ ቤት ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ የየራሱን ያወጣል። አያት "ዓይን በልቶት ነው" ይላሉ። ጎረቤት "የሚጥል በሽታ ነው" ትላለች። አንዱ ደግሞ ከበር ሆኖ "አቦ ሆዱን አሞት ነው፣ አታካብዱ!" ይላል። ይሄኛውን የሚሰማው የለም፣ አንዳንዴ ግን ልክ እሱ ነው።

ሳንዲፈር ሲንድረም የሚባለው ከጨጓራ ወደ ላይ በሚመለስ ምግብና አሲድ ምክንያት የሚመጣ የአንገት፣ የራስና የጀርባ መጠማዘዝ ነው። ሲያዩት የነርቭ በሽታ ይመስላል፤ መነሻው ግን ጨጓራ ነው። በ1964 እ.ኤ.አ. ማርሴል ኪንስቦርን የተባለ ሐኪም ላንሴት በተባለው የሕክምና መጽሔት ላይ ጻፈው፤ መጠሪያው የተወሰደው ግን ነገሩን ቀድሞ ካስተዋለው የነርቭ ሐኪም ከፖል ሳንዲፈር ነው።

ማቅረሸት በራሱ በሽታ አይደለም። በጨጓራና በምግብ ቧንቧ መካከል ያለው ጡንቻ ሕፃናት ላይ ገና አልጠነከረም፤ ክዳኑ የላላ ጀሪካን ስታጋድሙት እንደሚሆነው ነው። አብዛኛው ልጅ ዓመት ከምናምን ሲሆነው ይተወዋል። ጥቂቶቹን ግን አሲዱ ያቃጥላቸዋል፣ እነሱም ሕመሙን ለማስታገስ ሳይሆን አይቀርም የሚጠማዘዙት። ደግሞ ልብ በሉ፣ ምንም ሳያቀረሽ ሳንዲፈር ያለበት ልጅ አለ።

ታዲያ በምን ይለያል? ዋናው ፍንጭ ሰዓቱ ነው። ሲጠባ ወይም ጠብቶ ብዙም ሳይቆይ ይመጣል፣ ብዙውን ጊዜ ከአንድ እስከ ሦስት ደቂቃ ይቆያል፣ በቀን ደጋግሞ ሊመጣ ይችላል፣ እንቅልፍ ሲወስደው ግን አብዛኛውን ጊዜ የለም። ልጁ ራሱን አይስትም።

ሌላ ነገር ደግሞ አለ፣ እሱን ከዚህ ጋር እንዳታምታቱ። ልጁ ከእንቅልፉ ሲነቃ ድንገት እጥፍ ወይም ብርግግ እያለ፣ ከአንድ ሁለት ሰከንድ የማያልፈውን ነገር በተከታታይ ከደጋገመው፣ በተለይ መሳቅ ወይም ዓይን ለዓይን ማየት ከተወ፣ የሕፃናት ስፓዝም የሚባል ከባድ የሚጥል በሽታ ሊሆን ይችላል። "ሆዱን ነው" ተብሎ ስንት ጊዜ ይታለፋል! የዚያኑ ቀን ወደ ሆስፒታል ነው። አረንጓዴ ወይም ደም ያለበት ትውከት፣ ከንፈር መጥቆር፣ እርግብግቢት ማበጥ፣ ኪሎ አለመጨመርም እንደዚያው ናቸው፣ አይታደርባቸውም።

ስልክ ያለው ሰው ይቅረጸው። ቪዲዮው ፊቱንም እግሩንም ያሳይ፣ መጨረሻ የጠባው ስንት ሰዓት እንደሆነ ጻፉ። ድሬዳዋ ድል ጮራ ሆስፒታልም ሂዱ፣ ሐረር ሕይወት ፋና ሆስፒታልም ሂዱ፣ ልጁ ሐኪሙ ፊት ሲደርስ ሰላማዊ ሆኖ ቁጭ ይላል፤ በወሬ ከምታስረዱት ቪዲዮው ይበልጣል። ሐኪሙ ከተጠራጠረ የአንጎል ሞገድ ምርመራ ያዛል፣ በሳንዲፈር ብቻ ከሆነ ውጤቱ ደህና ነው የሚሆነው። የምግብ ቧንቧ ውስጥ የአሲድ መጠን የሚለካበት ምርመራም አለ።

ሕክምናው ከአመጋገብ ይጀምራል። ትንሽ ትንሽ፣ ቶሎ ቶሎ ማጥባት፣ ማስገሳት፣ ከጠባ በኋላ ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ቀጥ አድርጎ መያዝ። ሲተኛ ግን ያቀረሻል ብላችሁ በሆዱ እንዳታስተኙት፣ ሁሌም በጀርባው ነው። ለላም ወተት አለርጂ የሆነ ልጅም ተመሳሳይ ነገር ያሳያል፤ ሐኪም ካለ የምታጠባው እናት ለ2 እስከ 4 ሳምንት የላም ወተትና የወተት ውጤቶችን ትታ ትሞክራለች። "የግመል ወተት ስጡት" የሚል እኛ አካባቢ አይጠፋም። ስድስት ወር ላልሞላው ልጅ የግመል ወተትም፣ አብሽም፣ የስኳር ውኃም አይሰጥም፣ ጡት ብቻ።

በዚህ ካልተሻለው ሐኪሙ እንደ ኦሜፕራዞል ያለ አሲድ የሚቀንስ መድኃኒት ለ4 እስከ 8 ሳምንት ሊያዝ ይችላል። ከፋርማሲ በራስ ገዝቶ መጀመር ግን ቀልድ አይደለም፣ አሲድ ሲቀንስ ለሳንባ ምችና ለተቅማጥ መጋለጥም ይጨምራል። እያቀረሸም ደስ ብሎት ኪሎ የሚጨምር ልጅ መድኃኒቱ አያስፈልገውም። ጨጓራው በድያፍራም (ደረትንና ሆድን በሚለየው ጡንቻ) ቀዳዳ ወደ ደረት የወጣ፣ ወይም በመድኃኒት አልመለስ ያለው ደግሞ ቀዶ ጥገና ሊያስፈልገው ይችላል፤ የጨጓራው ላይኛ ክፍል በምግብ ቧንቧው ታችኛ ጫፍ ዙሪያ ተጠቅልሎ ይሰፋል። የጨጓራው ነገር ሲስተካከል መጠማዘዙም ይቆማል።

ሴሬብራል ፓልሲ (ከአንጎል ጉዳት የሚመጣ የእንቅስቃሴ ችግር) ያለባቸው ልጆች ላይ ነገሩ ከፍ ካሉም በኋላ ሊቀጥል ይችላል። እነሱ ላይ መጠማዘዝ ስለተለመደ "ከበሽታው ነው" ተብሎ ይታለፋል። የሚብሰው ከምግብ በኋላ ከሆነ ግን ለሐኪሙ ይህንኑ ንገሩት።