ሊ ሺያንግላን አልተገደለችም፤ ቻይናዊትም አልነበረችም

ጃፓን ቻይናን በወረረችበት የጦርነት ዘመን ሻንጋይም ቶኪዮም ያበዱላት ተዋናይና ዘፋኝ ናት። ቻይናውያን ሊ ሺያንግላን፣ ጃፓኖች ሪ ኮራን ይሏታል። ስለ እሷ ግን ብዙ የተምታታ ወሬ አለ። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ዋናው «ቻይናዊት ናት» የሚለው ነው። እውነተኛ ስሟ ዮሺኮ ያማጉቺ ነው። በ1920 በሰሜን ምሥራቅ ቻይና፣ ማንቹሪያ ውስጥ ከጃፓናውያን ወላጆች ተወለደች። አባቷ ለባቡር ኩባንያ ሠራተኞች ቻይንኛ ያስተምር ነበር፤ እሷም ቋንቋውን ጥርት አድርጋ ትናገር ነበር። የቻይና ስሟን የሰጣት የአባቷ ወዳጅ የሆነ ጄኔራል ነው። እኛ የጡት ልጅ እንደምንለው ዓይነት፣ በወዳጅነት ልጄ ብሎ። ክፋቱ የመጣው በኋላ ነው። በ1938 ጃፓኖች የሚመሩት የማንቹሪያ ፊልም ድርጅት ተዋናይ ሲያደርጋት ጃፓናዊነቷን ደበቀ። ጃፓንን የምትወድ ቻይናዊት መስላ እንድትታይ ተፈለገ። በ1940 «የቻይና ሌሊት» በተባለው ፊልም አንድ ጃፓናዊ መርከበኛ በጥፊ ያጮላታል፤ እሷ ጭራሽ ትወደዋለች። ቻይናውያን ይህን ውርደት አልረሱትም። እኔም አልፈርድባቸውም።

«ዘፋኝነቷ ለፊልም ሥራዋ ማድመቂያ ነበር» የሚሉም አሉ። የቀደመው ግን ዘፈኑ ነው። ልጅ ሳለች ሳንባዋን ታማ ነበርና ትንፋሿ እንዲጠነክር ከአንዲት የኦፔራ ዘፋኝ ድምፅ ተማረች። ከዚያ ሬዲዮ፣ ከዚያ ሲኒማ።

«በክህደት ተገደለች» የሚለውስ? ለጥቂት ተረፈች። ጦርነቱ ሲያበቃ ሻንጋይ ላይ ታሰረች፤ ክሱ አገሯን ከድታ ለጠላት ሠራች የሚል ነበር። ቅጣቱ ሞት ሊሆን ይችላል። ግን አገር ከዳ የሚባለው የገዛ አገሩን የከዳ ነው፤ ቻይና ደግሞ አገሯ አልነበረችም። ይህን ማን ይመን? የልጅነት ጓደኛዋ ሊዩባ የጃፓን የቤተሰብ መዝገቧን ግልባጭ አስገኘችላት። ያቺ ወረቀት ነፍሷን አዳነች። በ1946 ተለቃ ወደ ጃፓን ተባረረች። በ1948 በቻይና የተረሸነችው ሌላ ዮሺኮ ናት፤ ዮሺኮ ካዋሺማ። የእሷ ታሪክ የተገላቢጦሽ ነው፦ ከማንቹሪያ ነባር ሕዝብ ከማንቹዎች ተወልዳ ጃፓናዊ ያሳደጋት ልዕልት ነበረች። ስማቸው ስለሚገጥም ሁለቱን ማምታታት ቀላል ነው።

«ከዚያ ወዲያ ደብዛዋ ጠፋ» የሚለውም ልክ አይደለም። በ1950ዎቹ ሸርሊ ያማጉቺ ተብላ ሆሊውድ ሠራች። በኋላ የቴሌቪዥን አቅራቢ ሆነች። በ1974 የጃፓን ፓርላማ የላይኛው ምክር ቤት ገብታ 18 ዓመት አገለገለች። ስለ ጦርነቱ ዘመን ፊልሞቿ መጸጸቷንም በአደባባይ ተናግራለች። የጃፓን ጦር ለወሲብ ባርነት የዳረጋቸውን ሴቶች ለመካስ የተቋቋመው የእስያ ሴቶች ፈንድ ምክትል ፕሬዚዳንትም ነበረች። ያረፈችው በ2014፣ በ94 ዓመቷ ነው።