የመሣሪያ ፈቃድ እድሳት ምንድን ነው?

በነሐሴ ከጅማ ወደ ሰቃ ጨቆርሳ ወጣ ብትሉ በቆሎው ሰው ይውጣል። እሸቱ ወተት መያዝ ሲጀምር ዝንጀሮ ከገበሬው ቀድሞ ያውቃል። ቀን ዝንጀሮና ጦጣ፣ ማታ የዱር አሳማና ጃርት። ፈረቃ የተከፋፈሉ ነው የሚመስሉት። ጉሬዛ ግን በከንቱ ይታማል፤ እሱ በአብዛኛው ቅጠል በል ነው።

ስለዚህ ማሳው ዳር ማማ ይሠራል። ልጆች ወንጭፍ ይዘው ይውላሉ፣ አባት ባትሪና ውሻ ይዞ ያድራል። አንዳንድ ቤት ጠመንጃም አለ። ጠመንጃ ካለ ወረቀት አለ፤ ወረቀት ካለ ደግሞ እድሳት።

ብዙ ሰው እድሳትን እንደ ንግድ ፈቃድ ያየዋል፤ ከፍሎ፣ ማህተም አስመትቶ መውጣት። ነገሩ ግን ማመሳከር ነው። ሰውየው፣ ብረቱና መዝገቡ ይገናኛሉ። ፈቃዱ የተሰጠው ሰው አሁንም አለ? መሣሪያው እሱ እጅ ነው ወይስ ተሸጧል? ብረቱ ላይ የተመታው ቁጥርና ወረቀቱ ላይ የተጻፈው አንድ ነው?

አምና አጎቴን አጅቤ ሄጄ ነበር። አሮጌ ምንሽር ነው ያለው። ፈቃዱን ከመሬት ደብተሩ ጋር በፌስታል ጠቅልሎ ሳጥን ውስጥ ያኖረዋል። ከዓመታት ማጠፍና መዘርጋት የተነሳ ወረቀቱ መሐሉ ላይ ተበልቷል። መበላቱ አይደለም ችግሩ፤ የተበላው ልክ ቁጥሩ ላይ መሆኑ ነው። ማታውን ጥይቱን አውጥቶ፣ ብረቱን ላምባ በነካ ጨርቅ ሲፈትግ አመሸ። ዝገቱ ሲለቅ አሃዞቹ አንድ በአንድ ብቅ አሉ። አንዷ ግን እምቢ አለች።

በማግስቱ መዝገብ ያዡ ልጅ ብረቱን ወደ መስኮቱ አዙሮ አየና፣ «አባቴ፣ ይቺ 3 ናት 8?» አለ።

«ወጣቱ አንተ፤ አንተ ንገረኝ እንጂ» አለው አጎቴ።

ሳቁ። ግን ሳቅ ቁጥር አይሆንም፤ የድሮው መዝገብ እስኪፈለግ ሌላ ቀን ተመለሱ ተባልን። እኔ ተናድጄ ነበር። ኋላ ሳስበው ልጁ እውነቱን ነው፤ በአንድ አሃዝ ስህተት አጎቴ በወረቀት የሌላ ሰው ጠመንጃ ይዞ ይገኛል።

ሕጉ በ2012 ዓ.ም. የወጣው የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ነው። ያለ ፈቃድ መሣሪያ መያዝ ክልክል ነው። ፈቃዱም የሰው ነው፣ የቤት አይደለም። አባት ሞቶ ልጁ ያንኑ ጠመንጃ ይዞ ማማ ላይ ቢወጣ ወረቀቱ የሟች ነው። ለአንድ ሌሊት ለጎረቤት ማዋስም እንደዚያው። አገር ቤት ጠመንጃ ማዋስ እንደ ሞፈር ማዋስ ይታያል፤ በሕግ ዓይን ግን አንድ አይደሉም።

ሰው አብዝቶ የሚስተው ሌላ ነገር አለ። የመሣሪያ ፈቃድ የአደን ፈቃድ አይደለም። የዱር እንስሳት በሌላ ሕግ ነው የሚተዳደሩት። አደን የራሱ ፈቃድ አለው። «ሰብሌን በላብኝ» ብሎ ዝንጀሮ መግደልን የታደሰ ወረቀት ብቻውን አይሸፍንም። ወረዳው ላይ የግብርና ወይም የዱር እንስሳት ባለሙያውን ቀድሞ ማናገር ይሻላል። እንዲያውም አጎቴ ምንሽሩን ሲተኩስ አይቼ አላውቅም። ጥይት ውድ ነው። ትከሻው ላይ አንግቶት ማሳው ዳር ሲንጎራደድ ዝንጀሮዎቹ ዛፉ ላይ ሆነው ያዩታል፣ ይበቃል።

ወደ እድሳት የምትሄዱ ካላችሁ እሸት ሳይደርስ ሂዱ። ፈቃዱ ሳይቀደድ ኮፒ አስነሱ። ቁጥሩን ደብተር ላይ ገልብጡት፣ በሰፊው። ጥይቱን ቤት ተዉት።

እኛ የሄድነው በነሐሴ ነው። ማታ ስንመለስ ልጆቹ ማማው ሥር ቁጭ ብለዋል፣ ፊታቸው ጠቁሯል። በወንዙ በኩል ያለው መስመር ተገንጥሎ መሬት ላይ ተዘርግቷል፤ ግማሽ ግማሽ የተነከሰ እሸት። «ዱላ ይዘን ስንቆም ዝም ብለው ይበላሉ» አለ ትንሹ። አጎቴ ምንም አላለም። ወረቀቱን ፌስታል ውስጥ መለሰና ባትሪውን ጠየቀ።