ስታቲስቲክስ ሥራ አጥ የሚለው ማንን ነው?

በጎንደር ቅዳሜ ገበያ አንድ ተሸካሚ ማክሰኞ ጠዋት ለአንድ ሰዓት ያህል የጤፍ ኩንታል ከመኪና አውርዶ ተከፈለው እንበል። ከዚያ እስከ እሑድ ሌላ ጭነት አላገኘም። በዓለም የሥራ ድርጅት መለኪያ ይህ ሰው ሥራ አጥ አይደለም፤ የሥራ ሁኔታ ጥናቱ በሚጠይቅበት ሳምንት ለክፍያ ወይም ለትርፍ ቢያንስ አንድ ሰዓት የሠራ ሁሉ ሠራተኛ ተብሎ ይመዘገባል። ገንዘቡ ለምሳው ይብቃ አይብቃ ጥያቄ አይደለም። ተጨማሪ ሰዓት ለመሥራት ፈልገው ያጡትን የሚቆጥር ሌላ መለኪያ አለ፤ ዜና ላይ ግን እምብዛም አይነበብም።

ሥራ አጥ ለመባል ሦስት ነገሮች አንድ ላይ መሟላት አለባቸው፦ ሥራ አለመኖር፣ በቅርቡ ሥራ መፈለግና ሲገኝ ለመጀመር ዝግጁ መሆን። ስለዚህ ተመርቃ፣ የማስታወቂያ ሰሌዳ ማንበብ ታክቷት በጎንደር ማራኪ ሰፈር ከወላጆቿ ቤት የተቀመጠች ወጣት በጥብቁ ትርጉም ሥራ አጥ አይደለችም፤ ከሠራተኛው ኃይል ውጪ ናት። መቶኛው የሚሰላው ደግሞ ከመላው ሕዝብ ሳይሆን ከሠራተኞችና ከሥራ አጦች ድምር ነው። ተስፋ የቆረጡ ሲበዙ ሥራ አጥነት የቀነሰ ይመስላል ማለት ነው። ብዙዎች የሚሳሳቱት እዚህ ላይ ነው።

በ2013 ዓ.ም. በተካሄደው ብሔራዊ ጥናት የሥራ አጥነት ምጣኔው 8 በመቶ ገደማ ነበር፤ በከተሞች ግን 18.7 በመቶ። በገጠር እርሻው አብዛኛውን ሰው ስለሚያሠራ አገራዊው አማካይ ዝቅ ይላል። ጎንደር ላይ ሆኖ የሚያነብ ሰው ሊያየው የሚገባው የከተማውን ቁጥር ነው።