ጳጉሜ የሌለው ዓለም፦ ስለ ልብ ወለድ ዘመን አቆጣጠር የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ደብረ ማርቆስ ላይ ቅዳሜ ቅዳሜ ምናባዊ ልብ ወለድ የሚጽፉ ወጣቶች ይሰበሰባሉ። ሥራዬ ፊዚክስ ማስተማር ነው፤ ልጅ ሳለሁ ደግሞ የኔታ ዘንድ ባሕረ ሐሳብን፣ የቤተ ክርስቲያንን የዘመን ስሌት፣ ተምሬያለሁ። ስለዚህ ሁለትና ሦስት ፀሐይ ያለው ዓለም የፈጠረ ሁሉ የዘመን አቆጣጠሩን ይዞ ወደ እኔ ይመጣል። ደስ እያለኝ ነው የማየው። ግን ያንኑ ስሕተት በየሳምንቱ ማረም ሰልችቶኛል።

«ሁለት ፀሐይ ካለ ሌሊት የለም» ይላሉ። ስሕተት ነው። ሁለቱ ፀሐዮች ተቀራርበው እርስ በርስ የሚዞሩ ከሆነ፣ ፕላኔቷም ሁለቱን ከውጭ የምትዞር ከሆነ፣ ሰማይ ላይ ጎን ለጎን ናቸው፤ ተከታትለው ይወጣሉ፣ ተከታትለው ይጠልቃሉ። እንደ አውሮፓውያን በ2011 የተገኘችው ፕላኔት ኬፕለር-16ቢ እንዲህ ናት። እዚያ ቆሞ የሚያይ ሰው ቢኖር፣ ክንዱን ዘርግቶ ስንዝሩን ቢከፍት በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ቢበዛ ያችን ታህል ነው።

«ቀኑ በፀሐዮቹ ቁጥር ልክ ይበዛል።» አይበዛም። ቀንና ሌሊትን የሚያፈራርቀው የፕላኔቷ በራሷ ዛቢያ መሽከርከር ነው።

«ፀሐዮቹ በስንት ቀን እንደሚዞሩ ካወቅሁ ወሩን አገኘሁ።» ገና ነው። የኬፕለር-16 ሁለት ፀሐዮች በ41 ቀን እርስ በርስ ይዞራሉ፤ ፕላኔቷም በ229 ቀን ገደማ ስለምትዞራቸው ከእሷ ላይ ለሚያይ ዙሩ ወደ 50 ቀን ይሆናል። የኛም ጨረቃ እንዲሁ ናት፦ ምድርን በ27 ቀን ገደማ ትዞራለች፣ ከልደት እስከ ልደት ግን 29 ቀን ተኩል ይፈጅባታል።

«ሦስት ፀሐዮች እኩል ተራርቀው ይዞራሉ» የሚለው ደግሞ በትንሽ ነገር የሚፈርስ ሥርዓት ነው። ሁለቱ ይቀራረቡ፣ ሦስተኛው ይራቅ። ጎረቤታችን የሆነው ባለ ሦስት ኮከብ ሥርዓት አልፋ ሴንታውሪ እንዲህ ነው፤ ሁለቱ በ80 ዓመት ገደማ እርስ በርስ ይዞራሉ፣ ሦስተኛዋ ፕሮክሲማ ግን ከሁለቱም እጅግ ርቃለች።

«ክረምት ማለት ከፀሐይ መራቅ ነው።» ምድር ለፀሐይ በጣም የምትቀርበው በታኅሣሥ መጨረሻ፣ አውሮፓ በብርድ ሲቆራመድ ነው። እኛ ጎጃም ውስጥ ደግሞ ነሐሴ ላይ ፀሐይ እኩለ ቀን ላይ አናታችን ላይ ትቆማለች፤ ደመናው ስለጋረዳት አናያትም እንጂ። ክረምታችንን የሚሠራው ዝናብ ነው። የምትፈጥሩት ሕዝብ ምን አይቶ እንደሚያርስ ሳታውቁ ወቅት አትሰይሙ።

አሁን ሌሎቹን ሁሉ ወደሚያስንቀው ልምጣ። «ዓለሙን የፈጠርኩት እኔ ነኝ። ዓመቱ 400 ቀን፣ ወሩ 40 ቀን፣ ዐሥር ወር፤ ትርፍ የለም።»

ለምን አይኖርም? ቀን ከፕላኔቷ መሽከርከር ይመጣል፣ ዓመት ከምሕዋሯ። ሁለት የተለያዩ እንቅስቃሴዎች ናቸው፤ አንዱ ለአንዱ ልክ እንዲሆን የሚያስገድድ ሕግ የለም። የኛ ዓመት 365 ቀን ነው፣ ሩብ ሊሞላ ትንሽ የጎደለው ትርፍ አለው። የጨረቃ ዐሥራ ሁለት ልደት 354 ቀን ነው፤ ከፀሐይ ዓመት 11 ይጎድላል። ያ 11 ነው አበቅቴን፣ የጨረቃን ትርፍ ቁጥር፣ የሚወልደው። 2018 ዓ.ም. ዓመተ ዓለሙ፣ ከዓለም ፍጥረት ሲቆጠር፣ 7518 ነው፤ ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል፣ አንድ ሲቀነስ ወንበሩ፣ ማለትም ከ19ኙ ዓመት ዙር ያለፈው፣ 12 ነው። 12 በ11 ሲባዛ 132፤ በ30 ሲገደፍ 12 ይተርፋል፣ አበቅቴው ያ ነው። ነነዌም ዐቢይ ጾምም ፋሲካም የሚወጡት ከዚህ ከትርፉ ነው። የኔታ በጣታቸው አንጓ ሲያስቆጥሩን «የቀረውን ያዝ» ይሉ ነበር። የደረሰውን ድርሻ ያዙ ብለው አያውቁም።

እናቴ ጳጉሜ 3፣ የሩፋኤል ዕለት ዝናብ ሲጥል ገንቦውን ጠፈጠፍ ሥር ታስቀምጥ ነበር። ከዚያ ቀድታ ቡሃቃው ውስጥ ጠብ ታደርጋለች፤ እኛ ዝናቡ ውስጥ ራቁታችንን እንዘላለን። ከጥቅምት ሠላሳ ቀኖች ውስጥ እንዲህ የማስታውሰው አንድም የለኝም። ታናሽ እኅቴ የተወለደችው ጳጉሜ 6 ነው፤ ቀኗ በአራት ዓመት አንዴ፣ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ብቻ ይመጣል። ትርፉን ስትሰርዙ የምትሰርዙት ይህን ሁሉ ነው።

ባለፈው አንዲት ልጅ ወፍራም ደብተር ይዛ መጣች። ዓለሟ አንዱን ፀሐይ ይዞራል፣ ሁለተኛው ሩቅ ነው። «ጋሼ፣ ትርፍ ቀን አንባቢን ያደክማል» አለችኝ። ቁጭ ብለን ዓመቷን 397 ቀን ከሁለት አምስተኛ አደረግነው። ዐሥራ ሦስት ባለ ሠላሳ ቀን ወር ወጣለት፣ ሰባት ቀን ተረፈ፤ በየአምስት ዓመቱ ሁለት ጊዜ ትርፉ ስምንት ይሆናል። ሩቁ ፀሐይ ዙሩን በ80 ዓመት ይጨርስ አልን። እንግዲህ በዓመቱ ግማሽ ቀን ላይ ይታያል፤ በሌላው ግማሽ ሌሊቱን ከጨረቃ እጅግ አብልጦ ያበራል። እኩለ ሌሊት ላይ አናት የሚመታበት ቀን በአማካይ በየዓመቱ አምስት ቀን ይዘገያል። እሷ ያን ቀን በዓል አደረገችው። በዓሉ ወሮቹን ሁሉ ዞሮ ወደ ቦታው የሚመለሰው በ80 ዓመት ነው፤ በተወለደበት ዓመት በዋለበት ቀን ላይ ዳግም ሲውል የሚያየው ሰማንያ የሞላው ሽማግሌ ብቻ ነው። ይህን ስነግራት እስክሪብቶዋን አፏ ላይ አድርጋ ዝም አለች።

በሦስተኛው ቅዳሜ ተመለሰች። በሕዝቧ ዘንድ በትርፎቹ ቀናት ዕዳ አይጠየቅም፣ ፍርድ አይፈጸምም። በአሥራ አራተኛው ምዕራፍ ሞት የተፈረደበት ሰው አለ፤ በተረፉት ሰባት ቀናት ወንዙ ሞልቶ መሻገር አቃተው። ዓመቱ ግን ስምንተኛ ቀን ያለው ነበር፤ በዚያች ቀን ውሃው ጎደለለት።