ስለ ተርብ ምግብ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ሸዋ ሮቢት፣ በአጎቴ በር አናት ላይ ተርቦች ጎጆ ሠርተው ነበር። አጎቴ ችቦ ለኩሰው ሊያቃጥሏቸው ተነሡ። «ማር አይሰጡ፣ ሥጋችንን ይቀሙን!» አሉ።

«ተርብ ሥጋ ትበላለች»

በበዓል ከዕርዱ ላይ ቆርጣ ስትበር ያየ ሰው ይህን ቢል አይፈረድበትም። ሥጋው ግን ለእርሷ አይደለም። ወገቧ እንደ ክር የቀጠነ ስለሆነ ያደገች ተርብ ጠጣር ምግብ አይወርድላትም። የምትኖረው በፈሳሽ ነው፤ ከአበባ ትቀስማለች፣ የበሰለ ማንጎ ትመጥጣለች፣ ክሽክሽ የተባለው ደቃቃ የሰብል ተባይ የሚያፈሰውን ጣፋጭ ጠብታ ትልሳለች። ሥጋውን አላምጣ የምታጎርሰው ጎጆ ውስጥ ላሉት እጮች ነው። እጮቹም በምላሹ ከአፋቸው ጣፋጭ ጠብታ ይሰጧታል፤ ጉርሻ ብድር መሆኑን ያውቃሉ መሰለኝ። ከዕርዱ ይልቅ ደግሞ አብዝታ የምታድነው ከጓሮ ጎመናችን ላይ አባጨጓሬውን ነው። ጋሼ ይህን ሲሰሙ ችቦውን ዝቅ አደረጉ።

«የነደፈችውን ገድላ ትበላዋለች»

ግድግዳ ላይ ጭቃ የምትለጥፈዋን ብቸኛ ተርብ ተመልከቱ። ሸረሪቷን ነድፋ ታደነዝዛታለች እንጂ ወዲያው አትገድላትም፤ ብትሞት ትበሰብሳለችና። ከዚያ እንቁላል ጥላባት በጭቃ ትዘጋለች፣ የሚፈለፈለው እጭ ትኩስ ምግብ ይጠብቀዋል። በማሽላ አገዳ ውስጥ የተደበቀውን ቆርቁር የምታጠቃዋ ደቃቃ ተርብ ደግሞ ከዚህም ትብሳለች፤ እንቁላሏን ትሉ ሆድ ውስጥ ትጥላለች፣ እጮቿም ከውስጥ ይበሉታል። ኮቴሲያ ፍላቪፐስ የተባለችው ዝርያ ለዚሁ ሥራ ከእስያ መጥታ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1993 ኬንያ ውስጥ ተለቅቃለች። በኋላ ማንም ሳይለቅቃት እኛም አገር ተገኝታለች።

«ተርብ ሁሉ የንብ ጠላት ናት»

ግማሽ እውነት ነው። ንብ አድነው መሬት ውስጥ ለእጮቻቸው የሚቀብሩ ዝርያዎች አሉ። አብዛኞቹ ግን ለቀፎ ግድም የላቸው።

«ሾላ ውስጥ ያለው ትል ነው»

«ሾላ በድፍኑ» የሚባለው ከፍተው ሲያዩት ስለሚንቀሳቀስ ነው። ከሚንቀሳቀሱት ብዙዎቹ ጥቃቅን ተርቦች ናቸው። እጮቹ እዚያው ሾላው ውስጥ ካለው አበባ፣ ዘር ከሚይዘው ክፍል የሚያብጠውን እየበሉ ያድጋሉ። ወንዶቹ ክንፍ የላቸውም። ሴቶቹ የአበባ ዱቄት ተሸክመው ወደ ሌላ ሾላ ይበራሉ። እነርሱ ባይኖሩ ሾላው ዘር አያፈራም።

ጋሼ ችቦውን አጠፉት። ጎጆው በር አናት ላይ ስለሆነ ግን ሁላችንም በጓሮ በኩል እንገባለን።