ኦርኬስታ ቲፒካ ምንድን ነው? (ጃዝ አይደለም!)

ጥቁርና ነጭ ፊልም ላይ ሶምብሬሮ ያደረጉ ሰዎች ቫዮሊን ይዘው በታዩ ቁጥር «የሜክሲኮ ጃዝ ኦርኬስትራ» የሚል ስም ይለጠፍላቸዋል። አንድ ሁለቴ ዝም ብዬ አለፍኩ። አንዱ ወዳጄ ግን «ጃዝ ነው እንጂ! ብዛታቸውን አታይም?» ሲለኝ ትዕግሥቴ አለቀ።

ስሙ ኦርኬስታ ቲፒካ ነው፤ በአብዛኛው የክር መሣሪያ የሚጫወት የሜክሲኮ ባህላዊ ኦርኬስትራ። ስመ ጥሩን ቡድን ሙዚቀኛው ካርሎስ ኩርቲ ሜክሲኮ ሲቲ ላይ ያቋቋመው በ1884 እ.ኤ.አ. ነው። ያኔ ጃዝ የሚባል የሙዚቃ ስም ገና አልተወለደም። ከቫዮሊኑና ከዋሽንቱ ጎን ሳልተሪዮ አለ፤ ብዙ የብረት ክር የተወጠረበት ጠፍጣፋ ሣጥን ነው። ተጫዋቹ ጭኑ ወይም ጠረጴዛ ላይ ያስተኛውና ጣቶቹ ላይ ባጠለቃቸው ሹል መምቻዎች ይነካካዋል። ባንዶሎንም አለ። እሱም የክር መሣሪያ ነው፤ እባካችሁ ከባንዶኔዮን ጋር አታምታቱት። ባንዶኔዮን እንደ አኮርዲዮን የሚለጠጠው የታንጎ መሣሪያ ነው። አርጀንቲና ውስጥ «ኦርኬስታ ቲፒካ» ብትሉ የታንጎ ቡድን ነው የሚያመጡላችሁ፤ እሱ ሌላ ጣጣ ነው።

ማሪያቺም (እነዚያ ሶምብሬሮ አድርገው የሚዘፍኑት የሜክሲኮ ባንዶች) አይደሉም። ያን ያሸበረቀ የፈረሰኛ ልብስ ቲፒካዎቹ መድረክ ላይ የለበሱት ከማሪያቺዎቹ ቀድመው ነው።

ቀይ ወጥ ሁሉ ዶሮ ወጥ አይደለም። ቅላቱ የበርበሬው ነው፤ ዶሮዋስ? በጃዝ ዶሮዋ ስዊንግ (ያ የሚያወዛውዘው ምት) ናት፣ ደግሞም ተጫዋቹ እዚያው እየፈለሰፈ የሚጨምረው ዜማ። ቲፒካ ውስጥ ሁሉም ወረቀቱ ላይ የተጻፈለትን ይጫወታል። «ሳክስፎን የገባባቸውም አሉ» ይለኛል ወዳጄ። እሺ፣ እንቁላል ገባበት እንበል። ሥጋ ወጥ ላይ እንቁላል ስለተጨመረ ሥጋው ክንፍ አያወጣም!

በ1920ዎቹ አሜሪካ ለዳንስ የሚሆነውን ሁሉ ጃዝ ማለት የተለመደ ነበር። የባንድ መሪው ፖል ዋይትማን ከነቫዮሊኖቹ «የጃዝ ንጉሥ» ተብሎ በ1930 ፊልም ወጥቶለታል። የፊልም ርዕስ ገበያ ነው፤ ማስረጃ አይደለም።

የድምፅ ሠራተኛ ስለሆንኩ አንድ ነገር ሳልል አላልፍም። በ1940ዎቹ አሜሪካ ውስጥ 10 ሳንቲም ተከቶባቸው በማሽን የሚታዩ አጫጭር የሙዚቃ ፊልሞች ነበሩ። ሙዚቃው ቀድሞ ይቀረጻል፣ ካሜራ ፊት ማስመሰል ብቻ ነው። ስለዚህ ያያችሁት ሳክስፎን የሰማችሁት ላይሆን ይችላል። ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ስሙ።

ሜክሲኮና ጃዝ አይተዋወቁም አላልኩም። በ1884–85 በኒው ኦርሊንስ ኤግዚቢሽን ላይ የሜክሲኮ 8ኛ ፈረሰኛ ክፍለ ጦር ባንድ ከተማውን አስደምሞ ነበር። የሜክሲኮውን የዜማ ደራሲ የሁቬንቲኖ ሮሳስን «ሶብሬ ላስ ኦላስ» የተባለ ዋልዝም የኒው ኦርሊንስ ጃዝ ባንዶች እስከ ዛሬ ይጫወቱታል። ግን ያ የፈረሰኞቹ ባንድ የጦር ሠራዊት ባንድ ነው፣ ቲፒካ አይደለም። እውነተኛ የሜክሲኮ ጃዝ ኦርኬስትራ ካማራችሁ የባንድ መሪውን ሉዊስ አርካራስን ፈልጉ፤ ሳክስፎኑ፣ ትራምፔቱ፣ ትሮምቦኑ በየረድፉ።

ለወዳጄ አሰማሁት። ጥቂት አዳመጠና «ጥሩ ነው» አለኝ፤ «ግን ሶምብሬሮው የታለ?»