«ጃኮባይት» ምንድን ነው? በስደት ተወልዳ በስደት የሞተችው ልዕልት

መጀመሪያ አንድ ነገር እናጥራ። የሶርያ ቤተ ክርስቲያን ምዕመናንም በድሮ መጻሕፍት «ያዕቆባውያን» ይባላሉ፣ ያ ግን በ6ኛው መቶ ዘመን በነበረው ጳጳስ ያዕቆብ ስም ነው። የእንግሊዞቹ ሌላ ነው። ጄምስ የሚለው ስም በላቲን ያኮቡስ ነው፣ በእኛ ደግሞ ያው ያዕቆብ። ስለዚህ ጃኮባይት ማለት «የጄምስ ሰው» ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ1688 ከዙፋኑ የተባረረውን ካቶሊኩን ንጉሥ ጄምስ 2ኛን፣ ከሱም በኋላ ልጁንና የልጅ ልጁን «ንጉሣችን እሱ ነው» ብሎ የሙጥኝ ያለ ሁሉ ጃኮባይት ነበር። እንግሊዝ አገር ያሉት ደግሞ ለንጉሡ ጤና ጠጡ ሲባሉ ብርጭቋቸውን በውሃ ዕቃ ላይ አሳልፈው ይጠጡ ነበር፤ «ከባሕር ማዶ ላለው» ማለታቸው ነው። ብልጦች!

ለእኔ ነገሩ ቁልጭ ያለልኝ ግን በጄምስ 2ኛ ሴት ልጅ ነው፣ በሉዊዛ ማሪያ ስቱዋርት።

በ1688 ወንድሟ ሲወለድ ክፍሉ በምስክር ተሞልቶ ነበር። እንዲያም ሆኖ ካቶሊክ ወራሽ ያስፈራቸው ሰዎች «ልጁ የንግሥቲቱ አይደለም፣ በአልጋ ማሞቂያ ተደብቆ ነው የገባው» ብለው አስወሩ። የአልጋ ማሞቂያ ማለት ፍም ተጨምሮበት በአንሶላ ሥር የሚገፋ፣ ክዳን ያለው ባለ ረጅም እጀታ ዕቃ ነው። ሕፃን እዚያ ውስጥ! ግን ሕዝቡ አመነ። አባትየው ይሄ ስላንገበገበው በ1692 ሚስቱ እንደገና ስትወልድ፣ መጥተው በዓይናቸው እንዲያዩ ለእንግሊዝ እመቤቶች ጥሪ ላከ። ዙፋኑ ላይ የተቀመጠችውን የገዛ ልጁን ሜሪንም ጠራት። አልመጣችም።

ሉዊዛ ሰኔ 28 ቀን 1692 ፓሪስ አጠገብ በሳን ዠርመን ቤተ መንግሥት ተወለደች። ቤቱ የፈረንሳዩ ንጉሥ የሉዊ 14ኛ ነው፣ ክርስትና ያነሳትም እሱው። አባቷ በስደቴ እግዚአብሔር የላከልኝ መጽናኛ ናት ብሎ «ላ ኮንሶላትሪስ»፣ አጽናኟ፣ አላት። በ1701 እሱ ሞተ። በዚያው ዓመት የለንደን ፓርላማ ካቶሊክ እንዳይነግሥ በሕግ ዘጋ፣ ሉዊ ደግሞ ወንድሟን «ጄምስ 3ኛ» ብሎ ተቀበለው። ለሷ ባል ቢታሰብም አንዱም አልሆነም፤ አገር የሌላትን ልዕልት ማግባት ፖለቲካ ነው።

በሚያዝያ 1712 እህትና ወንድም ፈንጣጣ ያዛቸው። እሱ ዳነ። እሷ ሚያዝያ 18 ቀን አረፈች፣ 20 ዓመት ሊሞላት ሁለት ወር ሲቀራት።

አስከሬኗ ፓሪስ ባለው የእንግሊዝ ቤነዲክታውያን መነኮሳት ቤተ ክርስቲያን ከአባቷ ጎን ተቀመጠ። አንድ ቀን የእንግሊዝ ነገሥታት ወደሚቀበሩበት ወደ ለንደኑ ዌስትሚንስተር እንወስዳቸዋለን ተብሎ ነበር። የፈረንሳይ አብዮት መጣና ቤተ ክርስቲያኑ ተዘረፈ፣ የሁለቱም አፅም የገባበት ጠፋ።